ከካቦው ደጅ የተመለሰው ድንጋይ

ዘንድሮ ኮሌጅ ገብቼ የሕግ መግቢያ ትምህርት ስጀምር፣ መምህራችን በልዩ ልዩ አገሮች የተፈረደበት ሰው እንዴት ይቅርታ እንደሚደረግለት አስተማሩን። በአንዱ አገር የሚምረው ንጉሡ ብቻ ነው፤ በሌላው አገር ፕሬዚዳንቱ አማካሪዎቹን ሰምቶ ይወስናል፤ በአንዳንዱ ደግሞ የተበዳይ ወገን ይቅር ካለ ፍርዱ ይቀላል። ሁሉንም በጥንቃቄ ጻፍኩ። በመጨረሻ ግን «አሁን ከመጽሐፍ ሳይሆን ከምታውቁት ጽፋችሁ አምጡ» አሉን። እኔ የማውቀው አንድ ምሕረት ብቻ ነው። በጣሊያን ጊዜ ለአባቴ የተደረገለት።

አባቴ ግንበኛ ነው። ያን ጊዜም እንደ ዛሬው የምንኖረው ከቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን በታች ነበር። ጣሊያኖቹ ለመንግሥታቸው ሠራተኞች ቤቶች መሥራት ሲጀምሩ፣ ዛሬ ካዛንቺስ የምንለው ቦታ ላይ ማለት ነው፣ አባቴ ድንጋይ ጠራቢ ሆኖ ገባ። ጠዋት መዶሻውንና መሮውን በጆንያ ጠቅልሎ ይወጣል፤ ሲመለስ ቅንድቡ ሳይቀር በድንጋይ ዱቄት ነጥቶ ነው።

«ዛሬስ ፈረንጅ ሆነህ መጣህ» ትለዋለች እናቴ።

«ፊቴ ነው እንጂ ወገቤ አበሻ ነው» ይላታል።

በክረምት መግቢያ ላይ ካቦው ወደቀ። ካቦ የምንለው የሠራተኞቹን አለቃ ነው፤ ይህኛው ጣሊያን ነበር። ከእንጨት መወጣጫው ላይ ወድቆ እግሩ ተሰበረ። በዚያ ሰዓት ከጎኑ የነበረው አባቴ ነው። ጣውላው በዝናብ ርሶ ስለነበር አዳልጦት ወደቀ አለ አባቴ። ካቦው ጀርባውን ሰጥቶ ነበርና አላየሁም አለ። ከታች የቆመ ሌላ ጣሊያን ግን የአባቴ እጅ ወደ ካቦው ሲዘረጋ አይቻለሁ ብሎ መሰከረ። አባቴም እጄን የዘረጋሁት ልይዘው ነው አለ። ማንም አልሰማውም። የዚያኑ ቀን ከርቸሌ ገባ።

እናቴ አላለቀሰችም። እኔም እሷን እያየሁ አላለቀስኩም። ከርቸሌ ከሰፈራችን ብዙ ስለማይርቅ ስንቅ ይዘን እንሄዳለን፤ በሩ ላይ ያለው ዘበኛ እንጀራውን በእንጨት ወግቶ ይፈትሻል፤ ባዶውን አገልግል ተቀብለን እንመለሳለን። ያንን ጊዜ ሳስበው ትዝ የሚለኝ ኀዘን አይደለም። የተወጋው እንጀራ ነው።

ፍርዱ ከመሰጠቱ በፊት አንድ ጎረቤታችን ወደ ቤታችን መጡ። ከጦርነቱ በፊት የሰፈሩን ጠብ ሁሉ የሚያስታርቁ ሽማግሌ ነበሩ። አባባ ነው የምንላቸው።

«ልጄ፣ ዳኛ ዳኛ ትያለሽ» አሏት እናቴን። «እግሩ የተሰበረው ዳኛው ነው? ካቦው አይደለም እንዴ? ተበዳዩ ይቅር ካለ ለዳኛ ምን ይቀረዋል?»

«እሱ እኮ አልገፋሁትም ነው የሚለው አባባ።»

«ገፋም አልገፋም ሰውየው ተሰብሯል። እርቅ የሚለመነው እውነቱ የማን እንደሆነ ለመመርመር ነው እንዴ? ድንጋይ ተሸክሞ ደጁ ላይ መውደቅ ነው። እሱ ይቅር ለእግዚአብሔር ይላል፤ በቃ፣ ነገሩ ይበርዳል።»

«ጣሊያን ይህን ያውቃል?»

«ሰው አይደለም እንዴ?»

ድንጋዩን መሸከም ያለበት ያጠፋው ሰው ወይም ዘመዱ ነው። አባቴ ወንድም የለውም። እናቴ እኔ እሸከማለሁ አለች። ጓሯችን ውስጥ አባቴ ለቤታችን ደጃፍ መርገጫ ብሎ ጠርቦ ያልጨረሰው ድንጋይ ነበር። እሱን አነሳች።

«ኧረ ትንሽ ምረጪ፤ ለወጉ እኮ ነው» አሏት አባባ።

«ይኸኛው የእጁ ሥራ ነው» አለችና ማጅራቷ ላይ አስቀመጠችው።

አባባ ሁለት ሽማግሌዎች ጨምረው አስከተሉ። እኔ የእናቴን ነጠላ ጫፍ ይዤ ሄድኩ። ወንዙን ተሻግረን ዳገቱን ስንወጣ አንድም ጊዜ አላረፈችም። ሥራው ቦታ በር ላይ ስንደርስ ዘበኛው ድንጋይ የተሸከመች ሴትና ከኋላዋ ሦስት ወንዶች ሲያይ ጠመንጃውን አነሳ። እናቴ ተንበረከከች። አስተርጓሚው፣ ያገራችን ሰው ነው፣ እየሮጠ መጣ።

«ምንድን ነው ይሄ? ሰውየው ከግንብ ወድቆ ተኝቷል፣ እናንተ ድንጋይ ታመጡለታላችሁ? ግንቡ ቶሎ እንዲያልቅ ቸኩላችሁ ነው?»

«አንተ ልጅ፣ ጣሊያንኛ ስትማር ያገርህን ወግ ረሳህ?» አሉት አባባ። «እርቅ ሊለምኑ መጥተዋል በለው።»

«እሺ አባቴ፣ እለዋለሁ። ድንጋዩ ግን ይውረድ።»

«የሚያወርደው ተበዳዩ ነው።»

ካቦው እግሩ በጀሶ ታስሮ ከቆርቆሮ ቤቱ ደጃፍ ወንበር ላይ ተቀምጦ ነበር። እናቴን ከነድንጋዩ አያት። ከዚያ አንድ ነገር ጠየቀ። «ገፍቶኛል ማለት ነው ወይ፣ ነው የሚለው» አለ አስተርጓሚው።

አባባ በሽምግልና እንደሚባለው መለሱ። «አጥፍተናል፤ ማሩን።» ይህን በእርቅ ቦታ ሁሉም ሰው ይላል። ጥፋት የሌለበትም ይላል። ጠቡን መሬት ላይ ማስቀመጫ ቃል ነው እንጂ ምስክርነት አይደለም።

እናቴም ከድንጋዩ ሥር ሆና «አጥፍተናል፤ ማሩኝ» አለች።

ካቦው ሊነሳ ሞከረና አልቻለም። በእጁ ምልክት ሰጠ፤ አስተርጓሚው ድንጋዩን ከማጅራቷ አወረደ። «ይቅር ብዬዋለሁ ብሏል» አለ። ካቦው ክፉ ሰው አልነበረም። ያን ጊዜም ቢሆን ክፉ አልመሰለኝም።

ስንመለስ አባባ «ተይው እንጂ፣ ድንጋዩ ሥራውን ጨርሷል» አሏት። እናቴ ግን የባሌን ድንጋይ እዚያ አላስቀርም ብላ በወገቧ ደግፋ ቤት መለሰችው።

በፍርዱ ቀን ከኋላ ወንበር ላይ ተቀመጥን። ካቦው በምርኩዝ መጣ። እውነቱን ተናገረ። ሚስቱ ድንጋይ ተሸክማ መጥታ ለምናኛለች፣ እኔም ይቅር ብዬዋለሁ፣ ቅጣቱ ይቅለልለት አለ። ዳኛው ብዕሩን አነሳ። አስተርጓሚው ለአባቴ እየተረጎመ ነገረው። «ቤተሰቡ ጥፋቱን አምነው ይቅርታ ጠይቀዋል ወይ ይላል ዳኛው። ካቦው አዎ አለ።»

አባቴ ዞሮ እናቴን አያት። በቁጣ አልነበረም። አንድ ነገር ጠፍቶበት እንደሚፈልግ ሰው ነው ያያት። አምስት ዓመት ተፈረደበት።

ውጭ አባባ አስተርጓሚውን ክንዱን ያዙት። «ይቅር ብሏል እኮ! በጆሮዬ ሰምቻለሁ!»

«አባቴ፣ እሱ ይቅር ያለው በራሱ እግር ነው። ወንጀሉ የመንግሥት ነው። መንግሥት ደግሞ እግሩ ስላልተሰበረ አይሽርለትም።»

«ታዲያ የሚምረው ማን ነው?»

«ንጉሣቸው።»

«የት ነው ያለው?»

«ሮማ።»

አባባ ክንዱን ለቀቁት። «እሱ ይህን ሰው በምን ያውቀዋል?» አሉ።

«አያውቀውም» አለ አስተርጓሚው።

አባባ ከዚያ ወዲያ ብዙ ጊዜ ቤታችን አልመጡም።

በሚቀጥለው ዓመት በጣሊያን ነገሥታት ቤት ደስታ ሆኗል ተብሎ ምሕረት ታወጀ። ምን ደስታ እንደነበር በትክክል አላውቅም። አዋጁ የሚለው ከተወሰነ ዓመት በታች የተፈረደባቸው ይፈቱ ነው። አባቴ ተፈርዶበት ነበር፤ አምስት ዓመቱም ከዚያ በታች ነው። አብሮት የታሰረ አንድ ጋሪ ነጂ ግን ገና ፍርድ ይጠብቅ ነበርና እዚያው ቀረ። ያልተፈረደበት አይማርም። ዛሬ ሳስበው፣ እናቴ ድንጋዩን ባትሸከም ኖሮ አባቴም አልሠራሁም እንዳለ ከጋሪ ነጂው ጋር ይቀር ነበር ይሆናል። ድንጋዩ ወንጀለኛ አደረገው፤ ወንጀለኛነቱ አስፈታው። ይህን ለእናቴ ነግሬያት አላውቅም። ሳታስበው የቀረች አይመስለኝም።

የሚፈቱት ሰዎች ከርቸሌ በር ላይ ተሰለፉ። እየተጠሩ ቀኝ እጃቸውን ወደ ላይ አንስተው ንጉሡን ያመሰግናሉ፤ ከዚያ ይሄዳሉ። አንዱ ሽማግሌ ግራ እጁን አንስቶ ተመለስ ተባለ፤ ሰው ሳቀ። የአባቴ ተራ ደረሰ። እጁን አነሳ። የተባለውን አለ። ወደ እኛ መጣና አገልግሉን ከእናቴ እጅ ተቀብሎ ቀደመን።

ቤት እንደገባን የመጀመሪያ ቃሉ «ድንጋዩን የተሸከመው ማን ነው?» የሚል ነበር።

«እኔ ነኝ» አለች እናቴ።

«የትኛውን ድንጋይ?»

በእጇ አሳየችው። ወጣና አየው፤ ተመልሶ እግሩን ታጠበ። ስለዚህ ነገር ሌላ ነገር አልጠየቀም።

እናቴ ይቅር እንዲላት ትፈልግ ነበር። በሦስተኛው ሳምንት ይሁን በአራተኛው አባባን ለምና አመጣቻቸው። እሳቸውም አፍረው፣ መቋሚያቸውን እያሻሹ «በል እንጂ፣ ይቅር በላት» አሉት።

«ምን አጥፍታ?» አለ አባቴ።

«አንተ ሰው፣ አጥፍቻለሁ እያለች!»

«አላጠፋችም። ላላጠፋ ሰው ይቅርታ የለውም አባባ።»

እናቴ ወለሉ ላይ እንደ ተንበረከከች ቆየች። ይቅር ለእግዚአብሔር የሚለውን ቃል እየጠበቀች ነበር። አባቴ የሚቀመጡበትን በርጩማ ለአባባ አስጠጋላቸው፤ ስለ ዝናቡ ተጨዋወቱ።

በዚያው ሰሞን ድንጋዩን ጠርቦ ጨረሰውና እንዳሰበው ደጃፋችን ላይ መርገጫ አድርጎ አስገባው። አባቴ ይረግጠዋል፤ እኔም እረግጠዋለሁ፤ እንግዳም ይረግጠዋል። እናቴ ብቻ ሸክም ብትይዝም፣ ጭቃ ቢሆንም፣ ተራምዳው ታልፋለች። ጣሊያኖቹ ሄዱ። የፈረደበት ፍርድ ቤትም ሄደ። ካቦው የት እንደገባ አላውቅም። እናቴ ግን እስካሁን አልረገጠችውም።

ባለፈው እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ አባቴ የኮሌጁን ትምህርት አንብቢልኝ አለኝ። ደስ አለኝ። ስለ ንጉሡ፣ ስለ ፕሬዚዳንቱ፣ ስለ አማካሪዎቹ አነበብኩለት። እናቴ ደጃፉ አጠገብ ምስር ትለቅም ነበር። በአንዳንድ አገር ይቅርታውን የተቀበለ ሰው ጥፋቱን እንዳመነ ይቆጠራል የሚለው ጋ ስደርስ አቆመኝ።

«ላላጠፋው ሰውስ ምን አላቸው?» አለኝ።

የጻፍኩትን ገልበጥ ገልበጥ አደረግሁ። «ፍርዱ ይሻራል፣ አባዬ። ወደ ፈረደው ፍርድ ቤት ያመለክታል።»

«የፈረደው ፍርድ ቤት የታለ?»

ወረቀቱን ዝቅ አደረግሁ።

አባቴ ቀኝ እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ አየው። «እኔ አንስቻለሁ» አለ። «ሳላጠፋ፣ ስለ ማሩኝ አመሰግናለሁ ብዬ እጄን አንስቻለሁ። እናንተ ከርቸሌ በር ላይ ቆማችሁ ነበር፤ ሌላ ምን አደርጋለሁ?»

ይህን ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። እናቴ ምስሩን መልቀም አቆመች። ሰፌዱን ወደ ጎን አደረገችና ከበርጩማዋ ተነሥታ ድንጋዩ ላይ ተቀመጠች። ሙሉ ክብደቷን ጥላ ነው የተቀመጠችው።

«ይቅር ለእግዚአብሔር» አለች።

አባቴ ቀና ብሎ አያት። «ማን ለመነሽ?»

«ማንም» አለች፣ ሰፌዱን ወደ ጭኗ እየሳበች።

 ምስሩ ሰፌዱ ላይ ሲንሸራተት ይሰማኛል። ከዚያ አባቴ ወደ እኔ ዞረ።

«ቀጥዪ» አለኝ።

ወደሚቀጥለው አገር አለፍኩ።