የጋሽ ቲቶ ሁለተኛ ድኩላ

ጋሽ ቲቶ ዩኒፎርማቸውን አጥበው፣ ተኩሰው፣ በፌስታል አድርገው ሚዛን ከተማ ወዳለው ቢሯችን የገቡ ቀን ደሜ ፈላ። መልሱ ተብለው ነበርና ሊመልሱ የመጡ መሰለኝ። በሌላ እጃቸው ጆንያ ይዘዋል፤ ጆንያው ይሸታል።

ጋሽ ቲቶ ከቱም ከተማ ወዲያ ባለው የአደን ቀጠና ስካውት ናቸው። በወጣትነታቸው ራሳቸው አዳኝ ነበሩ፤ ዛሬ ሥራቸው ፈቃድ ይዞ የመጣን አዳኝ እየተከተሉ የተገደለውን መመዝገብ ነው። ቅጹን ሚዛን ቢሮ ሆኜ የምቀበለው እኔ ነኝ። የስንቱ ቅጽ ዓይን ያጠፋል፤ የእሳቸው ግን ቀንዱ በሜትር ተለክቶ፣ ቀኑና ቦታው ተጽፎ፣ አዳኙ ፈርሞበት ነው የሚመጣው።

ዘንድሮ ለቀጠናው የተፈቀደው ሁለት ወንድ ድኩላ ብቻ ነበር። አንዱ ቀደም ብሎ ተገደለ። ለሁለተኛው አስረስ የሚባል አስጎብኚ አንድ ፈረንጅ ይዞ መጣ። ፈረንጁ ጠዋት ተኮሰ፤ ድኩላው ዘሎ ጥሻ ገባ፤ እስከ ቀትር ቢፈለግም ጠፋ።

"ስቶታል። ነገ ሌላ እንፈልጋለን" አለ አስረስ።

ጋሽ ቲቶ ግን ኮረሪማ ቅጠል ላይ ደም አይተዋል። ደንቡ የቆሰለ እንስሳም እንደተገደለ ይቆጠራል ይላል። የሰፈራቸው የድሮ አዳኞችም አስቀድሞ ያደማውን ሰው ነበር ባለቤት የሚያደርጉት፤ ሌላ ሰው በሦስተኛው ቀን ቢያገኘው እንኳ ቀንዱ የእሱ ነው። ስለዚህ እዚያው ቆመው "አንድ ወንድ ድኩላ፣ ቆስሎ ያመለጠ፤ ኮታው ሞልቷል" ብለው ጻፉ። ቅጠሉንም ደብተራቸው መሃል ከተቱት። ደም የነካው ቅጠል ለአዳኝ ከፊርማ ይበልጣል ብለው በስልክ ፎቶ እንኳ አላነሱትም። ከሰዓት ዝናብ ደብተሩን አራሰው፤ ቢሮ የደረሰው ተራ የበሰበሰ ቅጠል ሆነ።

አስረስ ከሰሳቸው። "ዓይናቸው ደክሟል፣ ቀይ ነገር ሁሉ ደም ይመስላቸዋል" አለ። አለቃችን ማናልሞሽ ክፉ ሰው አይደለችም፤ ማስረጃ ግን ትወዳለች። በአምስት ቀን ውስጥ ካላመጡ ሪፖርቱ ይሰረዛል፣ ዩኒፎርሙንም ይመልሳሉ አለች። አሥራ አራት ዓመት የለበሱት ዩኒፎርም ነው። ተናድጄ የዚያን ቀን ምሳዬን አልበላሁም።

እንግዲህ በፌስታልና በጆንያ የመጡት በአምስተኛው ቀን ነው። አስረስ ከፈረንጁ ጋር ቀድሞ ተቀምጦ ሌላ ድኩላ እንዲፈቀድለት ይጠብቃል።

"ዩኒፎርሙን አመጡ?" አለች ማናልሞሽ።

"አምጥቻለሁ። መጀመሪያ ግን ይህን ይመልከቱልኝ" አሉና ጆንያውን ፈቱት።

የድኩላ ጭንቅላት ከነቀንዱ ወለሉ ላይ ወጣ። ማናልሞሽ አፍንጫዋን ይዛ መስኮት ከፈተች። የቆሰለ ድኩላ ውሃ ፍለጋ ቁልቁል እንደሚወርድ ጋሽ ቲቶ ከአዳኝነታቸው ዘመን ጀምሮ ያውቃሉ፤ ሦስት ቀን ጅረት ለጅረት ተጉዘው አገኙት። ሚኒባስ ውስጥ ተሳፋሪው "ምንድን ነው የሚሸተው?" ባለ ቁጥር "ማስረጃ ነው" እያሉ ነው ሚዛን የደረሱት።

"የማንም ድኩላ ሊሆን ይችላል" አለ አስረስ።

ጋሽ ቲቶ ወደ እኔ ዞሩ። "እንግዳው ከመተኮሱ በፊት በስልኩ ፎቶ አንስቶታል። እስቲ ያሳየን በይው።"

በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ ነገርኩት። ስልኩን አወጣ። ፎቶው ላይ ያለው ድኩላ የግራ ቀንዱ ጫፍ ወደ ውስጥ ታጥፏል፤ ወለሉ ላይ ያለውም እንደዚያው። ፈረንጁ ሁለቱን ደጋግሞ አየ። ስተሃል ያለውን አስረስን ገላመጠው፣ የእኔ ነው ብሎ እስክሪብቶ ጠየቀኝና ቅጹ ላይ ፈረመ። ማናልሞሽ ማኅተሟን አሳረፈች። ደስታዬን የምደብቅበት ቦታ አጣሁ።

አስረስ ሹልክ ሊል ተነሳ።

"ቆይ አስረስ፣ ልኬቱ ይቀራል" አሉ ጋሽ ቲቶ። ዩኒፎርማቸውን ከፌስታሉ አውጥተው ለበሱ፣ ቁልፉን እስከ አንገታቸው ዘጉ፣ ከኪሳቸው ሜትር መዘዙ። "ቀንዱን በአንድ እጅህ፣ የሜትሩን ጫፍ በሌላው ያዝልኝ።"

አስረስ ተንበርክኮ ያዘ። አፍንጫውን የሚይዝበት እጅ አልተረፈውም። ጋሽ ቲቶ ሳይቸኩሉ ለኩ፣ አንዴ ደግመው ለኩ፣ ቁጥሩን ነገሩኝ፤ እኔም ጻፍኩ።