የፊንላንዱ ሰውዬና የሰፈራችን ቦኖ

እናንተ፣ ጆሯችሁን አንዴ ወዲህ በሉልኝ። ሰው በሞተ ፈረንጅ ሲቀና አይታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ ቀንቻለሁ። አሁንም እቀናለሁ።

ከተማችን ሚዛን ውስጥ አንድ መምህር አለ፣ የቤንች ልጅ ነው። ቤተ ክርስቲያናቸው ልካው ፊንላንድ ተምሮ መጣ። ሌላው ከውጭ ሲመጣ ቴሌቪዥን ተሸክሞ ይመጣል፣ እሱ የአንድ የፊንላንድ ጸሐፊ መጽሐፎችን ይዞ መጣ። ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት አማን ባለው የወጣቶች አዳራሽ እየተረጎመ ያነብልናል። ከእሱ ቀጥሎ እኛ የጻፍነውን እናነባለን። እኔ ዘጠነኛ ክፍል ላይ ያቆምኩ፣ ቡና መጋዘን ጆንያ የምሸከም ሰው ነኝ። ለዚያች ቅዳሜ ነበር የምኖረው።

የፊንላንዱ ሰውዬ ሥራው ማሾፍ ነው። ሹም የለ፣ ቄስ የለ፣ ባለሱቅ የለ፣ ማንንም አይምርም። አባቱ እንጨት ሰንጣቂ ነበር አሉ። ልጁ እንደኔ ትምህርቱን ጥሎ ፖስታ ቤት ገባና አለቃው ላይ እያሾፈ ጻፈ። አባረሩት። መባረሩን ደግሞ ጻፈው። አገሩ በሙሉ አንብቦ ሳቀ፣ መንግሥትም «በቃ አንተ ቁጭ ብለህ ጻፍ» ብሎ ደሞዝ ቆረጠለት። ሐይቅ ዳር ቤት ሠራ። ዓመቱን ሙሉ ሲያሾፍባቸው የከረሙት ሹሞች ለልደቱ ኬክ ይዘው ይመጡለት ነበር።

እዚች ላይ ነው አንጀቴ ያረረው።

«ጋሼ፣ ሹም ሰድቦ ደሞዝ?» አልኩት መምህሩን።

«ሰድቦ አይደለም፣ አስቆ።»

«እኔስ አላስቅም?»

«አንተ የምታስቀው እኛን ነው። እሱ የሚሾፍበትንም ሰው ጭምር ያስቃል።»

ይቺ ነገር ሆዴ ውስጥ ቀረች። ጆንያ ትከሻዬ ላይ ሆኖ እንኳ ሰውዬው ሐይቅ ዳር ተቀምጦ እርሳሱን ሲቀርጽ ይታየኛል። ለእሱ ሐይቅ፣ ለኔ ጆንያ።

በዚያው ሰሞን ሰፈራችን ቦኖ ተመረቀ። ሚዛንን የሚያውቅ ያውቃል፣ ሰማዩ ሲያፈስ ይከርማል፣ ቧንቧው ግን ደረቅ ነው። ሪባኑ ሲቆረጥ ውሃው ፏ አለ፣ እልልታው ቀለጠ። ሹሞቹ መኪናቸው ውስጥ ሳይገቡ ውሃው ቀጥ። ለካ ከአጥሩ ጀርባ ቧንቧው የተቀጠለው በርሜል ላይ ነው፣ ሁለት ጎረምሶች በጀሪካን ውሃ እየገለበጡበት ነበር። አንደኛው የጎረቤቴ ልጅ ነው፣ «እጄ ዛለ» እያለ ሲሳደብ በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

ጻፍኩት። ግን የት ላንብበው? ለመጪው ቅዳሜ ሪባኑን የቆረጠው ሹም ራሱ ሊመጣ ነው። ስለዚህ ሰፈሬን ወስጄ ፊንላንድ ተከልኳት። ዝናቡን በረዶ፣ ጀሪካኑን የወተት ጣሳ፣ ሹሙን ባለ ኮፍያ ከንቲባ አደረግሁት። መድረክ ላይ ወጥቼ «የፊንላንዱ ጸሐፊ ነው» ብዬ ማንበብ ጀመርኩ። መምህሩ ቀና ብሎ አየኝና መጽሐፉን ዘጋ።

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ሹሙ ፊት ወንበር ላይ ጉልበቱን እየመታ ሳቀ፣ እንባውን በሶፍት ጠረገ። ከዚያ ተነስቶ ማይክ ያዘ።

«ጸሐፊ ማለት ይሄ ነው። የራሳቸውን ጉድ እንዴት ፈትፍተው እንደሚያወጡት አያችሁ? እኛ ጋ እንዲህ ያለ ደፋር ለምን ጠፋ?»

ተጨበጨበ። የኔ ሳቅ፣ የኔ ጭብጨባ፣ ሐይቅ ዳር ለተቀበረ ሰው ሲሰጥ ቆሜ እያየሁ አልቻልኩም።

«አልጠፋም፣ ጋሼ» አልኩ። «የጻፍኩት እኔ ነኝ። ቦኖውም ባለፈው እርስዎ የመረቁት ነው።»

ከኋላ አንድ ሰው ሳቅ አምልጦት መልሶ ዋጠው። ሹሙ ሶፍቱን ኪሱ ከተተ።

በሳምንቱ ግምገማ ተጠራሁ። ታውቁታላችሁ፣ ተራ በተራ ያወርዱብሃል፣ መጨረሻ ላይ አንተው ራስህን ትሰድባለህ።

«ግለ ሂስ አድርግ» አለኝ ሰብሳቢው።

«ምን ብዬ?»

«ልማት አንቋሽሻለሁ በል።»

«የፊንላንድን ልማት ሳንቋሽሽ አጨብጭባችሁ የለ እንዴ?»

«አፍህን ሰብስብ። እሱ ፈረንጅ ነው፣ አገሩ ለምቶለታል።»

አላደረግሁም። መድረኩን ከለከሉኝ።

መምህሩ ዛሬም ቅዳሜ ቅዳሜ ያነባል። እኔ ከመስኮቱ ውጭ ቆሜ እሰማለሁ። የፊንላንዱ ሰውዬ ጎበዝ ነው፣ አልክድም፤ አንዳንዴ ሳላስበው ስስቅ እገኝና እበሳጫለሁ። እሱን ሲያባርሩት መባረሩን የሚያነብለት አገር ነበረው። እኔም መባረሬን ጽፌዋለሁ፣ ግን የት አነበዋለሁ? ድሮ በሐይቁ ነበር የምቀናው፣ አሁን ቅናቴ ኬክ ይዘው በሚመጡለት ሹሞቹ ነው።

እናንተ ፊት ወንበር ላይ የነበራችሁ፣ እስቲ መልሱልኝ፤ የጻፍኩት ውሸት ከሆነ ምን አስቆጣችሁ፣ እውነት ከሆነስ ቦኖው እስከ ዛሬ ለምን ደረቀ?