የእጀ ብርቱ ሁለት

በወተት ከብት እርባታው ግቢ «እጀ ብርቱ» ሲባል የማያውቀው የለም። ላም ስታምጥ አዋላጇ እሱ ነው። ጥጃው መሬት እንደነካ እጁን ይታጠብና ለወሊዱ ደረጃ ይሰጣል፦ በራሷ ከወለደች አንድ፣ ትንሽ ከታገዘች ሁለት፣ ጠንከር ያለ ጉተታ ከጠየቀ ሦስት፣ አበሳ ከታየበት አራት፣ ቢላዋ ከገባበት አምስት። እጀ ብርቱ ግን ከሁለት በላይ አፉን ሞልቶ ተናግሮ አያውቅም። ሌላውን ሰው ላብ በላብ የሚያደርገውን ጥጃ እሱ ወሬውን ሳያቋርጥ ስቦ ያወጣና «ሁለት!» ይላል። ጉራ እንዳይመስላችሁ፤ እውነትም አልከበደውም።

እህቱ ያለቻት አንዲት ጊደር ናት። ከየትኛው ኮርማ ትዳቀል ብላ ስታማክረው፣ ሳያቅማማ ባለነጭ ግንባሩን መረጠላት።

«የሱ ጥጃ እኮ ሹልክ ብሎ ነው የሚወጣው፤ አንቺ እንቅልፍሽን ተኚ» አላት። ጊደሯም አረገዘች።

በዚህ መሀል የበረት በር እጁን ቀረጠፈውና ቤት ዋለ። በቦታው አንዲት ቀጭን ረዳት ገባች። የባለነጭ ግንባሩ ጥጃ በመጣ ቁጥር አራት ትሰጣለች። ግቢው በሙሉ ሳቀባት። አንድ ቀን ከቤቱ ብቅ ብሎ «ቁርስ አትበዪም እንዴ?» ያላት ራሱ እጀ ብርቱ ነበር።

የኮርማዎቹን ዘረመል የምታጠናው ዶክተር ግን አልሳቀችም። አንድ ቀን አስጠራችው።

«ጋሼ፣ መጀመሪያ እኔም ተሳስቼ ነበር። የእርስዎን ሁለትና የእሷን አራት ደምሬ አካፈልኩት፤ ልክ እንደ ኪሎ። ኮርማው መካከለኛ ሆኖ ወጣ።»

«ታዲያ ምን ችግር አለው?»

«ደረጃ እኮ ኪሎ አይደለም። የቱ ከየቱ እንደሚብስ ይነግረናል እንጂ በስንት እንደሚብስ አይነግረንም። ስለዚህ የእርስዎን ለብቻ፣ የእሷን ለብቻ በቅደም ተከተል ደረደርኩት። እርስዎ ለሌሎቹ ጥጆች የሚሰጡት አንድ ነው፤ ሁለት የሚሉት ለዚህኛው ልጆች ብቻ። በሁለታችሁም ዘንድ ከሁሉ የከበደው እሱ ነው። ችግሩ ከዘሩ ነው፤ ከእንግዲህ ጊደር በእሱ አትዳቀልም።»

እጀ ብርቱ ክው አለ። «ወይኔ እህቴን!»

ቀድመው ማወቃቸው በጀ። ጊደሯ ምጥ የያዛት ጠዋት እሱና ቀጭኗ ረዳት እህቱ ግቢ ውስጥ ተዘጋጅተው ነበር። የእሱ እጅ ገና አይጨብጥም። ረዳቷ የጥጃውን የፊት እግሮች በገመድ አሰረች፤ እሱ ከጎኗ ተንበርክኮ «ስታምጥ ሳቢ፣ ስታርፍ እረፊ» ይላታል። እህቱ በሩን ተደግፋ ታለቅሳለች። በስንት መከራ ጥጃው ዱብ አለ። አልተነፈሰም። ረዳቷ አፍንጫውን ጠርጋ ደረቱን ስታሸው አስነጠሰ። እናቱም ተነስታ ትልሰው ጀመር።

እህቱ አንገቱ ላይ ተጠመጠመች። «ኑርልኝ ጋሼ!»

«እኔን ተዪኝ፤ እኔማ ልገድልብሽ ነበር። እሷን አመስግኚ፤ ዶክተሯንም።» ወደ ረዳቷ ዞረ። ምስጋናው ከአፉ ሳይወጣ እንባው ቀደመው። «ቁርስ ያልኩሽን እርሺልኝ የኔ ልጅ። እጅሽ ይባረክ። ለመሆኑ ይሄኛው ስንት ነው?»

ልጅቷ በላብ ተጠምቃለች።

«ኧረ ብዙም አልከበደኝ፤ ሦስት ይበቃዋል» አለች።

እጀ ብርቱ እያለቀሰ ሳቁ አመለጠው። «ጉድ ፈላ! እኔንም እንዲህ ብሎ ነው የጀመረኝ፤ አራት በይ!»