የዓኽርያ መስመር ነቢይ

የኢትዮጵያና የኤርትራ ፌዴሬሽን ፈርሶ አማርኛ የመሥሪያ ቤት ቋንቋ ከሆነ ጥቂት ዓመታት አልፈዋል። ሃያ ሁለት ዓመቴ ላይ አስመራ ውስጥ ለአንድ ጣሊያናዊ የአእምሮ ሐኪም አስተርጓሚ ሆኜ ተቀጠርኩ። ጣሊያንኛውን ከሴት መነኮሳት ትምህርት ቤት፣ አማርኛውን ከሁለተኛ ደረጃ አገኘሁት፤ ትግርኛው የእናቴ ነው። ሥራዬ ሁለት ነበር። በሽተኛው በትግርኛ የሚናገረውን ለሐኪሙ በጣሊያንኛ እነግረዋለሁ፤ በሽተኛው ከሄደ በኋላ ደግሞ የተባለውን በአማርኛ ሪፖርት አድርጌ በታይፕ እመታለሁ።

ሐኪሙን ሁላችንም «ዶቶሬ» ነበር የምንለው። ስድሳ ዓመት ያለፈው፣ ወፍራም፣ ወገቡን የሚያመው ሰው ነው። መድኃኒት ብዙም አያዝም። በሽተኛውን ሶፋ ላይ ያጋድመውና ወደ አእምሮው የመጣውን ሁሉ፣ ሕልሙንም፣ ያፈረበትንም ሳይቀር እንዲያወራ ይነግረዋል። ከዚያ ከራስጌው ቁጭ ብሎ ያዳምጣል። ይህንን ለእናቴ ስነግራት፦

«ታዲያ ይሄ ንስሐ እንጂ ሕክምና ነው?» አለችኝ።

«የንስሐ አባት እኮ ጾም ያዛል። እሱ ምንም አያዝም።»

«እንግዲያማ ሥራም አይደለም» አለችና ነገሩን ዘጋችው።

አንድ ቀን አንድ የአውቶቡስ ሹፌር አለቃው ወደ እኛ ላከው፤ ከዓኽርያ ሰፈር መሀል ከተማ የሚመላለሰውን አውቶቡስ የሚነዳ ነው። ሠላሳ ዓመት ያልሞላው፣ ረጅም፣ ሸሚዙን እስከ አንገቱ የሚቆልፍ ጨዋ ሰው ነበር። ከወር በፊት ጀምሮ፣ ፌርማታ በሌለበት ቦታ ድንገት አውቶቡሱን ያቆማል። ሞተሩን ያጠፋል። ተነሥቶ ወደ ተሳፋሪዎቹ ይዞርና «ተመለሱ! ሳይመሽ ተመለሱ!» ብሎ ይጮኻል። ከዚያ ይቀመጥና ምንም እንዳልተፈጠረ መንዳቱን ይቀጥላል።

መጀመሪያ ሰው ሳቀ። አንዲት ገበያተኛ «ይሄን ሁሉ ቲማቲም ይዤ ወዴት ልመለስ?» ብላ ጠየቀችው አሉ። ግን ሚስቱን ሊፈታ ወደ ፍርድ ቤት እየሄደ የነበረ አንድ ሽማግሌ ቃሉን ሰምቶ ከአውቶቡሱ ወረደ፤ ወደ ቤቱ ተመለሰ፤ ከሚስቱም ታረቀ። ከዚያ በኋላ የሹፌሩ ስም «ነቢይ» ሆነ። ሰዎች መሄጃ ሳይኖራቸው እሱን ለመስማት ብቻ ይሳፈሩ ጀመር።

ሐኪሙ ዘንድ በመጣበት በመጀመሪያው ቀን ሶፋው ላይ አልተኛም አለ።

«ሓብተይ» አለኝ፣ እኅቴ ማለቱ ነው፤ «የሚጋደም በሽተኛ ወይም ሬሳ ነው። መልእክት ያለው ሰው ይቆማል።»

ተረጐምኩለት። ዶቶሬ ትንሽ አሰበና ወገቡን እያሻሸ ተነሣ። «እሱ ካልተኛ እኔ እተኛለሁ። ለወገቤም ጥሩ ነው» አለና ሶፋው ላይ ተዘረጋ። ሹፌሩ መጀመሪያ ግራ ተጋባ፤ ቀጥሎ አዘነለት። ወንበር ሳበና አጠገቡ ተቀመጠ። «ብዙ ጊዜ ያመዋል እንዴ?» ብሎ ጠየቀኝ። ንግግሩ በዚህ ተጀመረ። ከዚያ ወዲያ በየቅዳሜው ሐኪሙ ተኝቶ፣ በሽተኛው ተቀምጦ፣ እኔ መሀላቸው ቆሜ እናወራ ነበር።

ድምፁ የሚመጣው ከኋላው፣ ከቀኝ ትከሻው በላይ እንደሆነ ነገረን። የወንድ ድምፅ ነው። አይቆጣም፤ ይጠራል። በሦስተኛው ቅዳሜ ያንን ድምፅ አስመስሎ አሰማን፤ «ተመለስ» አለ፣ ዝግ ባለ ድምፅ። ልተረጉመው አፌን ከፈትኩና ቆምኩ።

«ምን ሆንሽ?» አለኝ ዶቶሬ ከሶፋው ላይ።

«ለብዙ ሰው ሳይሆን ለአንድ ሰው ነው የሚለው» አልኩት። ወደ ሹፌሩ ዞርኩ። «ወንድሜ፣ ድምፁ የሚለው ‹ተመለሱ› ነው ወይስ ‹ተመለስ›?»

«ተመለስ ነው የሚለው።»

«ታዲያ ለተሳፋሪው ለምን ‹ተመለሱ› ትላለህ?»

«እኔን ብቻ ከሆነማ የሚያስፈራ ነገር ነው» አለ።

ዶቶሬ ወገቡን ረስቶ ቀና አለ። በዚያች ቀን የተሰማኝን ኩራት እስከ ዛሬ አልረሳውም። ሹፌሩም ያኔ ተናገረ። አባቱ ዓዲ ጓዕዳድ ውስጥ ቄስ ናቸው። ዲያቆን ሊያደርጉት ሲያስተምሩት፣ በዐሥራ ሰባት ዓመቱ መኪና መንዳት እማራለሁ ብሎ ጠፋ። ከዚያ ወዲህ ዐሥራ አንድ ዓመት የአባቱን ደጅ አልረገጠም። ዓዲ ጓዕዳድ እኮ ከከተማው ዳር ናት፤ በእግር ቢሄድ ከሰዓት ብዙም የማይበልጥ መንገድ ነው።

«የሰው ልጅ የሚፈራውን ቃል ለብቻው መሸከም ሲያቅተው ለሕዝብ ያከፋፍለዋል» አለኝ ዶቶሬ ሹፌሩ ከሄደ በኋላ። «አንዳንዱ ነቢይ እንዲህ ይሆናል። ሕዝቡም የሚሰማው ወዶ አይደለም፤ እያንዳንዱ የሚመለስበት ቤት ስላለው ነው።»

ሪፖርቱን ልጽፍ ስቀመጥ ተቸገርኩ። ሐኪሙ ሰው ራሱ የማያውቀውን፣ ግን በውስጡ የተከማቸውን ሐሳብ የሚጠራበት አንድ የጣሊያንኛ ቃል ነበረው። በአማርኛ ምን እንደሚባል መምህሮቼ አላስተማሩኝም። ብዙ አሰብኩና «የልብ ጓዳ» ብዬ ጻፍኩት። ደስ አለኝ። ቆይቶ ግን «የልብ» የሚለውን መደጋገም ሰለቸኝና እንዲህ ብዬ ጨረስኩ፦ «በሽተኛው በጓዳው ለዐሥራ አንድ ዓመት ደብቆ ያኖረው ነገር አለ። ሐኪሙ በሚመጣው ቅዳሜ ጠዋት ሊያወጣው አስቧል።»

ሹፌሩ ሰው ሰብስቦ የሚናገር ስለሆነ የሪፖርቱ ቅጂ ለፖሊስም ይላክ ነበር። ይህንን ዘንግቼዋለሁ።

ቅዳሜ ጠዋት አንድ የፖሊስ ሻምበል በሩን አንኳኩቶ ገባ። የጎጃም ሰው ነው፤ ቁመናው ያማረ፣ ጢሙ የተስተካከለ። ሪፖርቴን በእጁ ይዟል። ሐኪሙን ተኝቶ፣ በሽተኛውን ተቀምጦ ሲያይ ትንሽ ተደናገረ።

«ይህን የጻፍሽው አንቺ ነሽ?»

«አዎ፣ ሻምበል።»

«ጓዳው የት ነው ያለው?»

«ምኑ?»

«ጓዳው ነዋ! ዐሥራ አንድ ዓመት የደበቀበት። ዛሬ ይወጣል ተብሎ ተጽፏል። መሣሪያ ነው?»

ፈራሁ፤ ሳቄም መጣ፤ ሁለቱ በአንድ ላይ ሲመጡ ምን ያህል እንደሚያስቸግር የደረሰበት ያውቀዋል። «ሻምበል፣ ጓዳው… ልቡ ውስጥ ነው» አልኩ። ደረቱን በጣቴ አሳየሁት። ሻምበሉ የሹፌሩን ደረት ትኩር ብሎ ተመለከተ። ሁሉንም ከመጀመሪያው አስረዳሁት፤ ድምፁን፣ አባቱን፣ ዓዲ ጓዕዳድን።

«ለአለቃዬ ጓዳው ልብ ነው ብዬ አልጽፍም» አለ ሻምበሉ ስጨርስ። «አይቼ መምጣት አለብኝ። የአባቱ ቤት ጓዳ የለውም?»

«አለው» አለ ሹፌሩ፣ ስተረጉምለት።

«በሉ ተነሡ። ጂፕ ይዣለሁ።»

እንዲህ ሆኖ አንድ ሻምበል፣ አንድ ሐኪም፣ አንድ ነቢይና አንድ አስተርጓሚ በፖሊስ ጂፕ ዓዲ ጓዕዳድ ገባን። ሹፌሩ በመንገዱ ሁሉ የተቆለፈውን የአንገቱን ቁልፍ እየነካካ ነበር።

አባትየው ደጃቸው ላይ ፀሐይ ይሞቁ ነበር። ልጃቸው ከፖሊስ ጋር ሲወርድ አይተው ምርኩዛቸውን ተደግፈው ተነሡ።

«ምን አጠፋ?»

«ምንም አላጠፋም፣ አባ» አለ ሻምበሉ፤ እኔ ተረጐምኩ። «ነቢይ ነው ይላሉ።»

ቄሱ ልጃቸውን ከእግር እስከ ራሱ አዩት። «ከፋሲካ ጀምሮ ጉልበቴን ታምሜያለሁ» አሉ። «ነቢይ ከሆነ ይህን ሳያውቅ እንዴት ቀረ?»

ሹፌሩ ሳቀ፤ ሳቁ መሀል ላይ ወደ ለቅሶ ተለወጠ። ሄዶ ያንን የታመመ ጉልበት ሳመ። አባትየው ራሱን ይዘው «በቃ፣ በቃ፣ ወደይ» አሉት። ወደይ በትግርኛ ልጄ ማለት ነው። ሻምበሉ ፊቱን ወደ ጂፑ አዞረ።

ሻይ ቀርቦልን ስንቀመጥ ዶቶሬ ለሳምንታት ያንገበገበውን ጥያቄ አስጠየቀኝ፤ ልጃቸውን ተመለስ እያሉ ይጣሩ ነበር ወይ?

«እኔ?» አሉ ቄሱ። «አንድ ቀንም አልጠራሁትም! ተቆጥቼ ነበር። ስሙም በዚህ ቤት እንዳይነሣ ከልክዬ ነበር።»

ይህንን ለዶቶሬ ስነግረው ክፉኛ የሚያዝን መስሎኝ ነበር። እሱ ግን ጭኑን መታ። «እንግዲያው ያልተባለውን ነዋ የሰማው! አባቱ የዋጠውን ቃል!»

ቄሱ ትርጉሙን ሰምተው ብዙ አሰቡ። «ያልተባለ የሚሰማ ከሆነማ ትንሽ ነቢይነት አለው» አሉ። ወዲያው ግን ጣታቸውን ወደ ልጃቸው ቀሰሩ። «ነገር ግን የጥንቶቹ ነቢያት ሲጠሩ ልጅ ነኝ፣ አንደበቴ አይፈታም፣ ሌላ ላክ እያሉ ይሸሹ ነበር። አንዱማ መርከብ ገብቶ ሸሸ።»

«እኔም በአውቶቡስ ሸሸሁ» አለ ልጅየው።

«አንተ የሸሸኸው ከእኔ ነው። ነገሩን አታግንነው።»

ሻምበሉ በጨዋ ደንብ ጓዳውን ለማየት ፈቃድ ጠየቀ። ገብቶ ብዙ ቆየ። ሲወጣ በእጁ ስዋ የሞላ ዋንጫ ነበረው፤ ስዋ በትግርኛ ጠላ ነው፤ የሹፌሩ እኅት ሳይቀምሱ አይወጡም ብላው ነው። «ንጹሕ ነው» አለ፤ ስለ ጓዳው ይሁን ስለ ስዋው አልገባኝም።

ስንመለስ ሻምበሉ እየነዳ በመስተዋቱ ሹፌሩን ሰረቅ አድርጎ አየው። ጉሮሮውን ጠረገ።

«አንቺ ልጅ፣ እስቲ አንድ ነገር ጠይቂልኝ። ወደ አገሬ ዝውውር ከጠየቅሁ ሁለት ዓመቴ ነው። ይመጣል ወይ በይልኝ።»

ሹፌሩ እንደ ነቢያት ዐይኑን ጨፍኖ መልስ ይሰጣል ብዬ ጠበቅሁ። እሱ ግን «ኣይፈልጥን» አለ፤ አላውቅም ማለቱ ነው። ሲለው ደግሞ ከባድ ሸክም እንዳወረደ ሰው ተነፈሰ። ቀጠለና «እናት አሏቸው?» አለኝ።

«አሉኝ» አለ ሻምበሉ፣ ሳልተረጉምለት። ከሁለት ዓመት በላይ አስመራ ኖሮ ይህችን ታህል ትግርኛ ያውቅ ኖሯል።

«ደብዳቤ ይጻፉላቸው በይልኝ።»

ሻምበሉ ከተማ እስክንገባ ቀስ ብሎ ነዳ።

ሹፌሩ ከዚያ በኋላ ሁለት ወር ያህል ወደ ሐኪሙ ተመላለሰ። ድምፁ ሙሉ በሙሉ አልጠፋም፤ እየራቀ ሄደ እንጂ። ዲያቆን አልሆነም። እሑድ እሑድ ዓዲ ጓዕዳድ እየሄደ አባቱን ይጠይቅ ነበር። ሕክምናውን የጨረሰ ሰሞን እናቴን ይዤ በእሱ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። እናቴ ሆን ብላ ከኋላው ያለውን ወንበር ያዘች። ያሰበችውን አውቄ ልብሷን ብጎትት አልሰማችኝም።

«የኔ ልጅ» አለችው ገና ከመነሣቱ፤ «ይህቺ ልጄ መቼ ነው የምታገባው?»

አውቶቡሱ በሙሉ ጆሮውን አቆመ። ሹፌሩ ዐይኑን ከመንገዱ ሳያነሣ «እሷን ራሷን ቢጠይቋት አይሻልም?» አላት።

«ብጠይቃትማ መች ትነግረኛለች!»

«ከልብ ጠይቀዋት ያውቃሉ?»

እናቴ ወደ እኔ ዞራ፣ ተሳፋሪው ሁሉ እየሰማ፣ «እሺ፣ ማን አለ?» ብላ ጠየቀችኝ። እኔም ፓራዲዞ አካባቢ ስለሚኖር፣ ስለ እሱ ለማንም ትንፍሽ ስላላልኩት አንድ የሒሳብ መምህር ነገርኳት። መሀል ከተማ እስክንደርስ ጥያቄዋ አላለቀም። ከፊታችን የተቀመጡት ሁለት ሴቶችም ቁመቱንና የወላጆቹን አገር እየጠየቁ አገዟት።