አናጢው የጠቆመው ኮረብታ

ዜናው የደረሳት በሹክሹክታ ነበር። ረቡዕ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ፣ በዩኒቨርሲቲው ቤተ መጻሕፍት ምድር ቤት መሰላል ላይ ቆማ የተመለሱ መጻሕፍትን ቦታ ቦታቸው ስታስገባ፣ ጥበቃው በእግሩ ጣት እየተራመደ መጣና ከመሰላሉ ሥር ቆሞ፣ «ስልክ ነው፤ ከሰፈር» አላት። ድምፁን ዝቅ ያደረገው አዝኖ አልነበረም። እሷ ባለችበት ክፍል ጮክ ብሎ የሚያወራ ስለሌለ ነው። ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ ተማሪውንም መምህሩንም «ጭጭ!» ስትል ኖራ ስሟ ራሱ ጭጭ ሆኖ ቀርቷል።

ደዋይዋ የአባቷ ጎረቤት፣ ልብስ ሰፊዋ ነበረች።

«አባትሽን ትንሽ አሟቸዋል። ነይ።»

«ትንሽ?»

«ትንሽ ነው። ነይ ብቻ።»

ስልኩ ተዘጋ። ልብስ ሰፊዋ ስለ አንድ ቁልፍ መጥፋት ለማውራት ሩብ ሰዓት የማይበቃት ሴት ናት። ጭጭ መነጋገሪያውን እንደያዘች ቆማ ቀረች። ለትንሽ ሕመም እንዲህ ያለ አጭር ወሬ ከዚያች ሴት አፍ አይወጣም። ቦርሳዋን እንኳ ሳትይዝ ወጣች።

አባቷ በጀርባው ተኝቷል፤ አንሶላው እስከ ግንባሩ ተስቧል። አጠገቡ ተቀምጣ እጁን ያዘች። መዳፉ አሁንም እንደ እንጨት ሞረድ ይሻክራል። ብዙ ቆይታ ቀና ስትል ዓይኗ ጠረጴዛው ላይ አረፈ። ሁለት ብርጭቆ ተቀምጧል፤ አንዱ ተጠጥቶ ያለቀ፣ ሌላው እስከ አፉ ሙሉ፣ ሻዩ የቀዘቀዘ። አባቷ ብቻውን የሚኖር ሰው ነው፤ ለእሷ እንኳ ሌላ ብርጭቆ ማውጣት ታክቶት «ከኔው ጠጪ» ነው የሚላት። ሰኞ ዕለት እዚያው ጠረጴዛ ላይ አይታው የሄደችው የመሬት ቢሮ ቅጽ ግን የለም።

«ማን መጥቶ ነበር?» አለች።

«እኔ እንጃ እህቴ» አለች ልብስ ሰፊዋ ዓይኗን እየጠረገች። «በጠዋት አንድ ባለቦርሳ ሰውዬ ሲወጣ አይቻለሁ። መነጽር አለው። ሰላም ብሎኛል።»

«እንዴት አድርጎ ነው ሰላም ያለሽ?»

«እንዴት አድርጎ ማለት? እንደ ሰው ነዋ!»

ሐዘኑ በቅጡ ሳይገባት ጥርጣሬው ቀድሞ ገባ። ባለመነጽሩን ታውቀዋለች።

አባቷን ሰፈሩ የሚያውቀው «ሜትር» በሚል ስም ነበር። አናጢ ነው። ሰው ቤት ሲሄድ እንኳ ከመቀመጡ በፊት የወንበሩ አራት እግር እኩል መሆኑን በዓይኑ ይለካል። ልብስ ሰፊዋ «ጋሽ ሜትር፣ እኔንስ ስንት ነሽ ይሉኛል?» ስትለው፣ «አንቺን ለመለካት መጀመሪያ መቆም አለብሽ፤ አንቺ ደግሞ ምላስሽም እግርሽም አይቆምም» ይላት ነበር። እሷም የሰፋችው ሱሪ ጠበበ ብሎ ሲመልስላት «ልኩን የሰጡኝ እርሶ ነዎት፤ ሜትሩ ተሳሳተ እንዴ?» እያለች ትበቀለዋለች።

በእናቱ በኩል ከወንዙ ዳር ነባር ሕዝብ ወገን ነው። ከተማው ከመቆርቆሩ ብዙ ዘመን በፊት እዚያ ይኖሩ ከነበሩት። ቋንቋቸውን የሚናገር ጥቂት ሰው ቀርቷል። የቀደሙት አባቶቻቸው የተቀበሩበትን ስፍራ የሚያውቅ ደግሞ ከጥቂትም ጥቂት ነበር፤ ሁሉም በየተራ አለፉና ሜትር ብቻውን ቀረ።

ስለዚህ ሕዝብ የተጻፉት መጻሕፍት ጭጭ በምትሠራበት ምድር ቤት ሁለት መደርደሪያ ይሞላሉ። ስለ ሸክላቸው፣ ስለ ጋብቻቸው፣ ስለ መሬት አያያዛቸው፣ ስለ ከዋክብት አቆጣጠራቸው። የሁሉም መነሻ አንድ ወፍራም ቡናማ መጽሐፍ ነው። ፕሮፌሰሩ ከአርባ ዓመት በፊት ወንዙ ዳር ድንኳን ተክለው፣ ቆፍረው፣ ጠይቀው የጻፉት ነው። መካከሉ ላይ ሲዘረጋ ጠረጴዛ የሚሸፍን ተጣጣፊ ካርታ አለው። በካርታው ላይ ከወንዙ በስተምሥራቅ ባለው ኮረብታ ጫፍ ላይ አንዲት ትንሽ መስቀለኛ ምልክት አለች፤ የመቃብሮቹ ቦታ ናት።

ነገሩ የተጀመረው ከሁለት ወር በፊት ነው። የመሬት ቢሮው ምዕራቡን ኮረብታ ለድንጋይ ፈላጮች ሊሰጥ ሆነ። የወንዙ ዳር ሰዎች የአባቶቻችን መቃብር አለበት ብለው አቤት አሉ። ቢሮው የዚያን ካርታ ቅጂ አባሪ አድርጎ መልስ ሰጣቸው፦ መቃብሩ ያለው በምሥራቁ ኮረብታ ነው፤ ምዕራቡ ባዶ ነው። ጭጭ ደብዳቤውን ለአባቷ አምጥታ አሳየችው። መነጽሩን አድርጎ ካርታውን አየ፣ መነጽሩን አውልቆ አየ፣ ከዚያ መሳቅ ጀመረ። ሳቁ ግን ሳይጨርሰው አፉ ላይ ቀረ።

«ይቺን ምልክት እኔ ነኝ ያደረግኳት» አላት።

«እንዴት አንተ?»

«በእርሳሴ ነዋ። ፕሮፌሰሩ መጀመሪያ ለሸክላው ሣጥን ሥራልን አሉኝ። ሠራሁ፤ ክንድ በክንድ የሆነ። ከዚያ አንድ ቀን መጡና አሥራ ሁለት ሣጥን ረዘም ያለ፣ ጠበብ ያለ አሉኝ። ለምን ቢሆን ነው ስላቸው ለመሣሪያ አሉኝ። የመጀመሪያውን ስጨርስ ጭኔ ላይ አስጠጋሁት። ልክክ አለ።» ጭኑን በመዳፉ መታ መታ አደረገ። «አካፋ ጭን አያህልም፤ ዶማም አያህልም። የአባቶችን አጥንት ሊጭኑበት ነው። በማግስቱ የቀደሙት አባቶች የት ነው የተቀበሩት ብለው ሲጠይቁኝ ጣቴን ወደ ምሥራቅ ቀሰርኩ።»

«እውነተኛው ቦታስ?»

«ምዕራቡ ላይ ነዋ! እነዚህ ድንጋይ እንፈልጥበት የሚሉት ላይ።»

«አባዬ፣ ፕሮፌሰሩ እኮ ልጅ ሆኜ ሲያተኩሰኝ ሐኪም ቤት ድረስ በመኪናቸው የወሰዱኝ ሰውዬ ናቸው።»

«ናቸው። ጥሩ ሰው ነበሩ። ለዚያ እኮ ነው የዋሸኋቸው። ክፉ ቢሆኑማ ፊት ለፊት እምቢ እላቸው ነበር።»

ጭጭ በማግስቱ ሥራ ገብታ መጽሐፉን አወጣች። ፕሮፌሰሩ ምሥራቁን ኮረብታ ሁለት ወር አስቆፍረው ምንም አላገኙም፤ «መቃብሮቹ በጥንት ጎርፍ ሳይታጠቡ አልቀሩም» ብለው ጽፈዋል። ቀጥላ ሌሎቹን አገላበጠች። ስድስት መጻሕፍት ካርታውን እንዳለ ገልብጠውታል፤ ከስድስቱ አንዱ ስለ ጎርፉ ብቻ ሙሉ ምዕራፍ አለው። ሃያ ስድስት ዓመት አቧራ ስትጠርግላቸው የኖረቻቸው መጻሕፍት በአንድ አናጢ ጣት ላይ ቆመዋል። ሌላስ ምን ነግሯቸው ይሆን? የጋብቻው ነገርስ? ከዋክብቱስ? ለእሷስ ስንት ጊዜ ወደ ምሥራቅ ጠቁሟት ይሆን? ይህንን ማሰቧ አሳፈራት፤ ማሰቧን ግን አልተወችም።

ከአባቷ ጋር ተያይዘው መሬት ቢሮ ሄዱ። ጸሐፊው ወጣትና ትሑት ነው፤ ወንበር ሰጣቸው። ሜትር ወንበሩን አየት አድርጎ ተቀመጠ።

«አባት፣ መጽሐፉ እኮ በእርሶ ቃል ነው የተጻፈው» አለው ጸሐፊው። «ይኸው ከግርጌ ‹የአካባቢው ተወላጅ የሆኑ አናጢ እንደጠቆሙት› ይላል።»

«አዎ። ዋሽቼ ነው።»

«ያኔ የዋሹ ሰው አሁን እንደማይዋሹ በምን አውቃለሁ?»

«ጎበዝ!» አለ ሜትር፣ ከልቡ ደስ ብሎት። «እኔም አንተን ብሆን እንደዚሁ ነበር የምለው።»

ጸሐፊው የማረሚያ ቅጽ ሰጣቸው። ቦታውን በትክክል መግለጽ፣ ምክንያቱን መጻፍ፣ መፈረም፤ ከዚያ ቀያሽ ሄዶ ያረጋግጣል።

«ወረቀቱን ማን ይይዘዋል?» አለ ሜትር።

«ፋይል ውስጥ ይገባል።»

«ፋይሉንስ ማን ይከፍተዋል?»

«የሚመለከተው ሁሉ።»

«ተመልከቺ» አላት ሜትር ወደ ልጁ ዞሮ፤ «የሚመለከተው ሁሉ አለ። እኔ አርባ ዓመት የሸሸሁት እሱን ሰውዬ ነው።»

ቅጹ ሦስት ሳምንት ጠረጴዛው ላይ ተቀመጠ። ጭጭ በመጣች ቁጥር «አባዬ፣ ሙላው» ትለዋለች፤ «እሞላዋለሁ» ይላታል፣ ሌላ ወሬ ያነሳል። ብጽፈው ሣጥን አሠሪዎቹ ይመጣሉ፣ ባልጽፈው ድንጋይ ፈላጮቹ ይመጣሉ እያለ የሆዱን በሆዱ ይዞ ሲብሰለሰል፣ ያ ባለመነጽር ተመራማሪ ደግሞ ምድር ቤት ብቅ አለ። የፕሮፌሰሩ ተማሪ ነበር፤ እሳቸው ካረፉ በኋላ የቡናማውን መጽሐፍ አዲስ እትም የሚያዘጋጀው እሱ ነው። መደርደሪያዎቹ መካከል ቆሞ «ያ አናጢ አባትሽ ናቸው አሉ። ደህና ናቸው?» ሲላት፣ ለደኅንነቱ እንዳልጠየቀ ታውቋት «ጭጭ!» ብላው አልፋለች። ክፍሉ ውስጥ ከእነሱ ሌላ ሰው አልነበረም።

ከቀብሩ በኋላ በሦስተኛው ቀን እሱ ራሱ ቤት መጣ። በሩ ላይ እንደቆመ ጠየቀችው።

«ረቡዕ ጠዋት እዚህ ነበርክ?»

«ነበርኩ። ነፍሳቸውን ይማር። ስወጣ ደህና ነበሩ።»

«ቅጹስ?»

«የቱ ቅጽ? እኔ ስወጣ ጠረጴዛው ላይ አንድ ወረቀት ነበር፤ አልነካሁትም።»

«ቦርሳህን ክፈተው።»

ልብስ ሰፊዋ ከወዲያ «ኧረ በስመአብ!» አለች። ሰውዬው ፊቱ ቀልቶ ቦርሳውን መሬት ላይ ዘረገፈላት። ደብተር፣ የመነጽር ቤት፣ ግማሹ የተበላ ዳቦ፣ የቡናማው መጽሐፍ እርማት ያለበት ክምር ወረቀት። ቅጹ የለም።

«ሻይ ቀዱልኝ» አለ ዕቃውን መልሶ እየሰበሰበ። «ጠጣሁ። የራሳቸውን ግን እስክወጣ ድረስ አልነኩትም። አስተማሪዬ ተሳስተው ከሆነ ማረም እፈልጋለሁ አልኳቸው። ክንድህን ዘርጋ አሉኝ፤ ዘረጋሁ፤ ለኩኝ። ከዚያ ቅዳሜ ከልጄ ጋር ና አሉኝ። ወረቀት ላይ ከማስፈሬ በፊት እሷ በእግሯ ትርገጠው አሉ።»

ጭጭ ስለ ቅዳሜው የተናገረውን ለማመን ተቸገረች። ስለ ሻዩ ያለውን ግን አመነችው። አባቷ ገና ካላመነው ሰው ጋር አይጠጣም፤ ይህንን ደግሞ ከመጽሐፍ ሊያገኘው አይችልም።

ቅጹን ያገኘችው በሳምንቱ የአባቷን የሥራ ዕቃ ስታስተካክል ነው። መሳቢያው ውስጥ፣ ከብርጭቆ ወረቀቶቹ መካከል፣ በአንዱ ተጠቅልሎ ነበር። ሻካራው ፊት ወደ ውጭ ነው፤ ለመንካት የማያጓጓ ጥቅልል። በወፍራም የአናጢ እርሳስ ተሞልቷል። ስም፣ ዕድሜ፣ ሙያ። «ቀድሞ የተሳሳተ ቃል የሰጡበት ምክንያት» ከሚለው ትይዩ «በሣጥኖቹ ርዝመት» ብሏል። ፈርሟል። የመቃብሩ ቦታ የሚገለጽበት ሦስት መስመር ባዶ ነው።

የመሬት ቢሮው ጸሐፊ ቅጹን ሁለቴ አነበበው። «ፊርማው አለ፤ ምክንያቱም ይኸው፣ ባይገባኝም አለ። ቦታው ነው የሌለው። ቦታ የሌለው የቦታ ማረሚያ ምን ብዬ ልቀበልሽ፣ እናቴ?»

ተመራማሪው ኮሪደሩ ላይ ይጠብቃት ነበር። «አንድ ቦታ ምልክት አድርጊ» አላት ዝቅ ባለ ድምፅ። «ምዕራቡ ኮረብታ ላይ እስከሆነ ድረስ ውሸት አይባልም። ኮረብታው ይተርፋል።»

«ቀያሹ ቆፍሮ ባዶ ቢያገኘውስ? አባትም ልጅም ውሸታም ናቸው ብለው ፋይሉን ይዘጉታል።»

«ዕድል ሆኖ እውነተኛው ላይ ብታርፊስ?»

«ያን ጊዜ አንተ ቆፋሪ ይዘህ አትመጣም?»

ሰውዬው መነጽሩን አውልቆ መጥረግ ጀመረ። አልመጣም ለማለት አፉን ሲከፍት ጊዜ ወስዶበታል፤ ጭጭ ያችን ጊዜ ልብ ብላ አየቻት። ቅጹን አጥፋ ደረቷ ውስጥ ከተተችና ደረጃውን ወረደች።

ድንጋይ ፈላጮቹ ዝናቡ እንዳባራ ሥራ ይጀምራሉ ተብሏል። ተመራማሪው አዲሱ እትም ላይ ካርታው የተሳሳተ እንደሆነ ማስታወሻ ልጨምር ብሎ አሳታሚውን ጠይቆ፣ ከጠቋሚው በጽሑፍ የተሰጠ ማስረጃ አምጣ ተብሏል፤ ለእሷ የነገራት እንደዚህ ነው። ጭጭ አራት ቅዳሜ ምዕራቡን ኮረብታ ወጥታ ወርዳለች። ቁጥቋጦና ድንጋይ ነው። የትኛው ድንጋይ ሰው ያቆመው፣ የትኛው ዝም ብሎ ድንጋይ እንደሆነ አትለይም። የወንዙ ዳር ሽማግሌዎችንም ጠይቃለች፤ «ሜትር ያውቃል» ነው መልሳቸው። ቦታውን የሚያውቅ ሌላ ሰው እስካሁን አልተገኘም። ሦስቱ መስመሮች አልተሞሉም፤ ካርታውም አልታረመም።