ዋስ ያልጠራ ሙግት

በዚያ ዓመት ሞላሌ ላይ ለሰባተኛ ክፍል አማርኛ አስተምር ነበር። ቀን ጠመኔ፣ ማታ መሠረተ ትምህርት፣ እሑድ ካድሬ የሚመራው ስብሰባ። ከጓሳ ተራራ የሚወርደው ብርድ ደረቴን ይዞኝ እያሳለኝ ከርሟል። ተማሪዎቼን ግን «እንቅልፍ አትጡ፤ ለሰውነታችሁ እዘኑለት» እላቸው ነበር። ለሌላ መምከር ይቀላል።

«ለምን?» ብሎ መጠየቅንም አስተምር ነበር። ስብሰባ ላይ «ለምን?» ያለ ምን እንደሚገጥመው ስለማውቅ መልመጃውን በቤት ጉዳይ ወሰንኩት፤ ከቤታችሁ አንድ ሰው የሚያሳምን ደብዳቤ ጻፉ፣ የሚመጣባችሁንም ተቃውሞ ቀድማችሁ መልሱ አልኳቸው።

ከሁሉም ጎበዟ ሞላሌ ቤት ተከራይታ የምትማር የገጠር ቄስ ልጅ ነበረች። ከፋሲካ በኋላ ሊድሯት ነው። ስምንተኛን ልጨርስ ብላ ለአባቷ ሦስት ምክንያት ደረደረች። እንከን አጣሁበት፤ አስር ከአስር ሰጠኋት። ቅዳሜ አገሯ ወርዳ አነበበችላቸው።

ሰኞ ጠዋት ቄሱ ልጃቸውን አስከትለው መጡ። ቁጣ ጠብቄ ነበር።

«ሙግቷስ ደግ ነው» አሉኝ ጋቢያቸውን እየሰበሰቡ። «እኔም በርስት ስሟገት ነው ያረጀሁት። ዳሩ ዋስ ሳይጠራ የሚሟገት የት አገር አለ? ብቻዋን ከተማ ተቀምጣ አንድ ነገር ብትሆን ማንን ልያዝ? ይህን አላስተማርካትም።»

እውነታቸውን ነው።

«ማንን ይፈልጋሉ፣ አባቴ?»

«አንተን ነዋ! እስክትፈተን ዓይንህ አይለያት።»

የስምንተኛን ፈተና እስክትፈተን ከአንድ ዓመት በላይ ነው። ኮቴ ኪስ ውስጥ ደግሞ የዝውውር ማመልከቻዬ ነበር፤ ቆላ እንዲመድቡኝ፣ እሱም በሦስት ምክንያት። ለምን እኔ ብዬ ተናደድኩ። አልቅስ አልቅስ አለኝ።

«ዋስ ነኝ» አልኩ።

ቄሱ መርቀውኝ ፊት ፊት ሲሄዱ ልጅቱ ወደኋላ ቀረች።

«ጋሼ፣ አባቴ ዋስ እንደሚሉ አውቄ ነበር» አለችኝ መሬት መሬት እያየች። «እርስዎን ልጠራ ብዬ ጽፌም ነበር። ዝውውር ሊጠይቁ ነው ሲሉ ሰምቼ ሰረዝኩት። እርስዎም ለሰውነትዎ ይዘኑለት ብዬ።»

ማመልከቻውን ሳልሰጥ ቀረሁ። እሷም ተፈተነች፣ አለፈች፤ ሳሉ ግን እኔው ዘንድ ቀረ። አስር ከአስር የሰጠኋት ለጻፈችው ነበር። ለሰረዘችው ስንት መስጠት እንደነበረብኝ እስከ ዛሬ አላውቅም።