የሺዙኤ ቀይ ስም

ሺዙኤ የሞተችው በነሐሴ ነው፤ መቃብር ልናጥብ በወጣንበት ጠዋት፣ ባልዲዋን በእጇ እንደያዘች። አልታመመችም፣ አልወደቀችም። እንዴት እንደሆነ ከመጀመሪያው ላጫውታችሁ፤ ሳልናገረው ብቀር ያንቀኛል።

በደሴታችን ባል ሲሞት የሚስቱም ስም አብሮ ድንጋዩ ላይ ይቀረጻል። የሟቹ ስም እንዲሁ ይተዋል፤ በሕይወት ያለችው ግን ስሟ ቀይ ቀለም ይቀባል። ቀኗ ሲደርስ ቀዩ ይፋቃል፤ በቃ። ሺዙኤም ባሏ ኢሳሙ በሞተ በወሩ፣ በሃምሳ ሁለት ዓመቷ፣ ከመንደሪኑ እርሻ በላይ ባለው መቃብር ስሟን ቀልቶ አገኘችው። ከጎኑ ሌላ ቀይ ስም አለ፦ የአማቷ የቶዮ።

ቶዮ ሰማንያ አራት ዓመቷ ነው። ምራቷን በሃያ ሰባት ዓመት ውስጥ አንድም ቀን በስሟ ጠርታት አታውቅም።

“አንቺ ሙሽራ፣ እዚያም በግራዬ ነሽ” ትላታለች፣ ሺዙኤ ማታ ማታ እግሯን ስታሻት። “ቦታውን አስለክቼዋለሁ። እጅሽ እግሬ ድረስ ይደርሳል።”

“እሺ፣ እናቴ።”

“እዚያ ብርድ ነው አሉ። ጠንከር አድርገሽ እሺ።”

ሺዙኤ ሥራ አትፈራም፤ መንደሪን ስትለቅም ወንዶቹን ታስከነዳ ነበር። የምትፈራው ከድንጋዩ ሥር ያለውን ጉድጓድ ብቻ ነው፤ በቶዮ ግራ ለዘላለም መተኛትን። እርግጥ ከተማ ተሻግሮ ከባል ዘመዶች ጋር ዝምድናን የሚያፈርስ ወረቀት መሙላት ይቻላል። በእኛ ደሴት ግን እሱን የሞላች ሴት የለችም፤ ብትኖርም ስሟን አናነሳም። ስለዚህ በዝናቡ ወር፣ ሰው በሌለበት፣ በመከርከሚያ ቢላዋዋ ቀዩን ፋቀችው።

“ቀዩ ‘እመጣለሁ’ ማለት ነው” አለችኝ። “እሱ ከሌለ ማን ይጠብቀኛል?” ለእኔ ብቻ ነው የነገረችው፤ ከመሞቷ በፊት።

በእጥበቱ ቀን ነገሩን መጀመሪያ ያየው የመንደሩ ማኅበር ሊቀ መንበር ኩማጋይ ነው።

“ቀለሙ የት ሄደ?”

“ዝናብ አጥቦት ይሆናላ” አለች ናሚ። ናሚ ጎረቤቴ ናት፤ እሷም ባሏ ሞቶባታል።

“ጎበዝ ዝናብ ነው! የአሮጊቷን ትቶ የሙሽራዋን ብቻ መርጦ የሚያጥብ።”

ሳቅን። ሺዙኤ ሁለት እርምጃ ርቃ ቆማለች። አንድ ሰው ዞር ብሎ “አንቺ ነሽ እንዴ?” ቢላት ነገሩ እዚያው ባለቀ። ግን እንዲህ ያለ ጥያቄ ሰው ያሳፍራል፤ እኛ ደግሞ ሰው ማሳፈር አንወድም። ቶዮ ጣቷን በተቀረጸው ስም ውስጥ አስገብታ ቀስ ብላ ዳበሰችው።

“ቀይ ከሌለ ሞታለች ማለት ነው” አለች። “ድንጋይ አይዋሽም።”

ሳቁ ቆመ። ኩማጋይ ቆቡን አውልቆ ለቶዮ ጎንበስ አለ። “ያጽናዎት። ጥሩ ሙሽራ ነበረች።”

“ጥሩ ነበረች” አልን ሁላችንም። እኔም ብያለሁ።

ሺዙኤ ባልዲዋን አስቀምጣ ቤቷ ገባችና እስከ እኩለ ቀን ተኛች። በሃያ ሰባት ዓመት ውስጥ የመጀመሪያዋ ነው።

ከዚያ ወዲያ ደንቡን ጠበቅን። ቶዮ የምራቷን ፎቶ ከኢሳሙ ፎቶ አጠገብ አቆመች፤ ፊቱ አንድ ሳህን ሩዝ አድርጋ ሁለቱን የመብያ እንጨቶች ቀጥ አድርጋ ተከለችበት፣ ለሙት እንደሚደረገው። ጠዋት ጠዋት ለፎቶው ታወራለች። “አንቺ ሙሽራ፣ እግሬን አመመኝ።” ሺዙኤ ከኋላዋ ተቀምጣ ትሰማለች። አሮጊቷ ስትወጣ እንጨቶቹን ነቅላ ሩዙን ትበላለች።

እኔም ኮክ ይዤ ለቅሶ ደረስኩ። ለፎቶው ሰግጄ ቀና ስል ጆሮዬ ሥር “ተመችቶኛል” አለችኝ። “እግር የሚያሽ ሙት አይተሽ ታውቂያለሽ?” ሳቄ መጣ፤ ዋጥኩት። ከሙት ጋር ሲስቁ መታየት ደግ አይደለም።

ታዲያ በደስታዋ መሃል አንድ ነገር ዘነጋች፤ አርባ ዘጠነኛውን ቀን። በእኛ ዘንድ ሙት ይቃጠላል፤ በዚያ ቀን አጥንቱ በማሰሮ ሆኖ ጉድጓድ ይገባል።

ቶዮ አልዘነጋችም። ሁላችንም ጥቁር ለብሰን ደጅ ቆመን ሺዙኤን ጠበቅናት። ኩማጋይ የመኪናውን በር ከፈተላት። ገባች። ጸጉሯ እስከ ማጅራቷ ተቆርጧል፤ ጭኗ ላይ በነጭ ጨርቅ የተጠቀለለ የአጥንት ማሰሮ ይዛለች።

መቃብሩ ጋ ድንጋይ ጠራቢው ጎንዳ የጉድጓዱን ክዳን ገፋ አደረገው። ከውስጥ ብርድ ወጣ። ጉድጓዱ ጎንበስ ያለ ሰው ያስገባል፤ በግራ በኩል ንጹሕ ተደርጎ ተጠርጓል። ቶዮ ማሰሮውን ተቀብላ በእጇ መዘነችው፤ ከፈተችው። በአጥንት ፋንታ የሺዙኤ ጸጉርና ጥፍር ነው።

“ቀላል ነው” አለች። “ቀሪውስ?”

ማንም አልገፋም። ኋላ ያሉት እንዲያዩ ብለን ግማሽ ግማሽ እርምጃ ጠጋ አልን፣ እሱ ብቻ ነው።

ሺዙኤ ጉድጓዱ አፋፍ ላይ ቁጢጥ አለች። ጫማዋን አወለቀችና ሰው ቤት እንደገባ እንግዳ፣ ሲወጣ እንዲቀናው እንደሚያደርገው፣ ጫፋቸውን ወደ ውጭ አዙራ ጎን ለጎን አስቀመጠቻቸው። ልትገባ ነው ብለን ጠበቅን። እሷ ግን ተነስታ ዞረችና በካልሲዋ በመሃላችን መሄድ ጀመረች። ኩማጋይ እጁን ዘረጋ፤ መልሶ ሰበሰበው። “ቁሚ” ያላት ሰው፣ በሕይወት አለች ማለቱ ነዋ! ትከሻዋ ትከሻዬን ነካው፤ ይሞቃል። በመንደሪኑ መሃል ቁልቁል ወረደች፤ የከሰዓቱ ጀልባ ይዟት ሄደ።

ቶዮ ጫማዎቹን ከማሰሮው ጋር አስገብታ አስዘጋችው።

ዓመት ሞላው። የቶዮን እግር የሚያሽ የለም። በዚህ ነሐሴ ድንጋዩን ስናጥብ የጎንዳን እጅጌ ያዘች።

“ክፈትልኝ።”

“ምን ሊያዩ?”

“ጫማዎቹን። አሁን ወዴት እንደዞሩ።”

ጎንዳ እጅጌውን አስለቅቆ ወደሚቀጥለው መቃብር አለፈ፤ እዚያም ደርሶ ቆመ። እኛም ሄደን አየን። በናሚ ስም ላይ ቀዩ የለም። ናሚ ባልዲዋን ይዛ አጠገቤ ቆማለች።

ስለ ዝናብ የቀለደ አልነበረም። ኩማጋይ ቆቡን አወለቀ።